እትዬ ዘግይተው አያውቁም

በእጃችሁ ባለው የቀብር መርሐ ግብር ሽፋን ላይ፣ ከፎቶግራፋቸው ሥር፣ እትዬ የተወለዱት «ከጠዋቱ በሦስት ሰዓት» እንደሆነ ታትሟል። ስህተት ነው። ትክክለኛው ለሦስት ሰዓት ሰባት ደቂቃ ጉዳይ ነው። ስህተቱን ያየሁት ሦስት መቶው ቅጂ ታትሞ፣ ታጥፎ፣ በካርቶን ታስሮ ከመጣ በኋላ ስለሆነ ማረም አልተቻለም። ማተሚያ ቤቱ አላጠፋም፤ ያተመው እኔ ጽፌ የሰጠሁትን ነው። ይህ የሕይወት ታሪክ በተለየ ወረቀት ተጽፎ በእጅ የገባላችሁም በዚሁ ምክንያት ነው።

እትዬ ከአባታቸው ከዋናው መሐንዲስና ከእናታቸው ከብየዳ ክፍሉ ኃላፊ፣ ከወንዙ ማዶ ባለው ባለ ቆርቆሮ ጣሪያ አዳራሽ ውስጥ፣ የዛሬ ሠላሳ አንድ ዓመት ሚያዝያ 14 ቀን ተወለዱ። ሥራቸው የጊዜ ተጓዥ የአሰሳ መርከብነት ነበር። ቁመታቸው ሃያ ሁለት እርምጃ፣ ወርዳቸው ስድስት እርምጃ ሲሆን፣ ለተሳፋሪ አምስት ክፍል፣ ለዘዋሪው አንድ ወንበር፣ አንድ ምድጃና በትከሻ ካልተገፋ የማይከፈት የግራ በር ነበራቸው። በመዝገብ የሚታወቁት በቁጥር ነው። «እትዬ» ያሏቸው በያጆቹ ናቸው። ገና ሞተራቸው ሲነሳ፣ ወገቧን ይዛ ከወንበር እንደምትነሳ ሴት «እእህ» ብለው ስለተነሡ ነው። ከዚያ ቀን ወዲህ «አንቺ» ብሎ የደፈራቸው ሰው አልነበረም።

እኔ በዚያን ጊዜ አሥራ ሁለተኛ ክፍል ጨርሼ በመዝገብ ጸሐፊነትና በሰዓት ጠባቂነት የተቀጠርሁ፣ የአራት ዓመት ሴት ልጅ ለብቻዬ የማሳድግ እናት ነበርሁ። የሰዓት ጠባቂነት ሥራ ምን እንደሆነ ለማታውቁ ላስረዳ። ሌላ ዘመን ውሎ የተመለሰ የእጅ ሰዓት እዚህ ከዋለው ሰዓት ጋር አይስማማም። አንዱ ሦስት ሲል ሌላው ስድስት ይላል፤ ሰውም ይጣላል። ስለዚህ ዋናው መሐንዲስ ገና ከጅምሩ ደንብ አወጡ፦ ማንም ሰው የእጅ ሰዓትም ሆነ ስልክ ይዞ ወደ አዳራሹ አይገባም፤ በሩ ላይ ለጥበቃው ያስረክባል። ውስጥ የሚታመነው የግድግዳው ሰዓት ብቻ ነው። የግድግዳውን ሰዓት የሚነካው ደግሞ አንድ ሰው ብቻ ነው። እኔ ነኝ።

እኔ ከድሮም ፈሪ ነኝ። ጋዝ ዘግቼ ወጥቼ ከመንገድ እመለሳለሁ። ልጄ ደረጃ ስትወርድ ዓይኔን እጨፍናለሁ። ሥራ አርፍጄ እንዳልባረር ብዬ የቤቴን ሰዓት ሁልጊዜ ሰባት ደቂቃ አስቀድመው ነበር። በልደታቸው ማለዳ፣ እንግዶቹ ቢዘገዩስ፣ ምርቃቱ ቢበላሽስ፣ ጥፋቱ በእኔ ቢላከክስ እያልሁ ሳስብ ቆየሁና ማንም ሳይመጣ መሰላል አቁሜ የግድግዳውን ሰዓትም ሰባት ደቂቃ አስቀደምሁት። ነገ እመልሰዋለሁ አልሁ። እንግዶቹ በጊዜ ደረሱ። መሐንዲሱ ግድግዳውን አይተው ልክ ሦስት ሲል ማስነሻውን ተጫኑ። እኔም በመዝገቡ ላይ «ከጠዋቱ በሦስት ሰዓት» ብዬ በጥሩ ጽሕፈት ጻፍሁ።

ነገ የሚባለው ቀን አልመጣም። ስለዚህ ይህን የሕይወት ታሪክ ስጽፍ እያፈርሁ መሆኑን አስቀድሜ እናገራለሁ።

እትዬ ትምህርታቸውን የጀመሩት በተወለዱ በሁለተኛው ወር ነው። አንደኛ ደረጃቸው ትናንት ነበር፤ ሄደው የአዳራሹን ግቢ ትናንት እንደተጠረገ አይተው መጡ። ቀጥሎ አንድ ሳምንት፣ ቀጥሎ አንድ ዓመት፣ ሁለት ዓመት ሳይሞላቸው ደግሞ መቶ ዓመት ሄደው በሰላም ተመለሱ። መንገዳቸውን የሚያውቁት በፀሐይ ነበር። «በዚህ ሰዓት ተመለሱ» ከተባሉ ፀሐይዋ እዚያ ሰዓት ላይ የምትቆምበትን ቦታ ፈልገው ከች ይላሉ። በመጀመሪያው ጉዟቸው በአራት ሰዓት ተኩል እንዲመለሱ ታዘዙ። ሲደርሱ ግድግዳው አራት ሰዓት ከሠላሳ ሰባት ይል ነበር።

ዘዋሪው፣ ሁላችንም ጋሼ የምንላቸው፣ የግራውን በር በትከሻቸው ገፍተው ወጡና ቀና ብለው ሰዓቱን አዩ። «ይቅርታ፣ እትዬ ሲኳኳሉ ነው የቆየነው» አሉ። አዳራሹ በሳቅ ፈረሰ። የአዳራሹ የመጀመሪያ ኃላፊም «ሴት ወይዘሮ ናቸው፣ ሰባት ደቂቃ አይከለከሉም» ብለው አብረው ሳቁ። እኔ አልሳቅሁም። እትዬ በሰዓታቸው እንደመጡ፣ ያልመጣው ሰዓቱ እንደሆነ በዚያች ደቂቃ አውቄ ነበር።

ከዚያ በኋላ ያሉት አሥር ዓመታት የእትዬ መልካም ዘመን ነበሩ። ዛሬ ገበያው ያለበት ቦታ ሐይቅ እንደነበረ አይተው ያረጋገጡ እርሳቸው ናቸው። ጠፋ የተባለውን የድሮውን መንገድ አግኝተው ካርታ አስነሥተዋል። ዛሬ ዘሩ የጠፋ የአንድ ወፍ ድምፅ ቀድተው አምጥተዋል፤ ልጆች በትምህርት ቤት ይሰሙታል። ወንዙ በየትኞቹ ዓመታት እንደደረቀ ቆጥረው በማምጣታቸው የጉድጓድ ቆፋሪዎች ሥራ ቀንቷል። የሄዱበትን ዘመን በዓይን ማየትና መለካት እንጂ መንካት ክልክል ስለነበር፣ ከሄዱበት አንዲት ጠጠር አንሥተው አያውቁም። በአጥር የተጣሉ ጎረቤታሞች አዳራሹ በር ላይ እየመጡ «እባካችሁ ሄዳችሁ ግንቡን ማን ቀድሞ እንደሠራው እዩልን» ሲሉ፣ ጋሼ «እትዬ የሰው ጠብ አይወዱም» እያሉ ይመልሷቸው ነበር።

እኛም የአዳራሹ ሠራተኞች በእኔ ሰዓት ኖርን። ጠዋት ሁላችንም እናረፍዳለን። በዕድሜያቸው ዘግይተው የማያውቁት መሐንዲስ ሦስት ዓመት ሙሉ በዘግይቶ መግቢያ መዝገብ እየፈረሙ ጥበቃውን ይቅርታ ይጠይቁ ነበር። ስንወጣ ደግሞ አውቶቡሱ ሁልጊዜ ገና ነው። «ይሄ ሹፌር በእግሩ ነው እንዴ የሚመጣው?» እንላለን። እኔም አብሬ እላለሁ። በየሳምንቱ ሰኞ ጥበቃው ክፍል ገብቼ ከሬዲዮኑ ትክክለኛውን ሰዓት እሰማለሁ፤ ከዚያ መሰላል ላይ ወጥቼ ሰባቷ ደቂቃ እንዳትጨምርም እንዳትቀንስም አስተካክላለሁ። ከተቀየረች ይታወቃል ብዬ ስለምፈራ እንደ ልጅ ተንከባክቤ አሳደግኋት።

እትዬ ትዳር አልያዙም። ሆዳቸው ውስጥ ተሸክመው የሚዞሯቸው ሁለት ትንንሽ ጀልባዎች ልጆቻቸው ነበሩ። ከእነርሱ ሌላ ብዙ የሰው ልጅ አሳድገዋል፤ አንዷ የእኔ ልጅ ናት። የቤት ሥራዋን በምድጃቸው አጠገብ ሠርታ አደገች። በአሥራ ዘጠኝ ዓመቷ የጋሼ ረዳት ሆና ተሳፈረች። በሄዱ ቁጥር እቃ ቤት ገብቼ አለቅስ ነበር። «እማ፣ ገና ሳልሄድ ለቅሶ ተቀመጥሽ?» ትለኛለች። ለእርሷ ሲባል ስንት ነገር ፈርቻለሁ፤ በሌላ ዘመን ትቀራለች፣ ትወድቃለች፣ ትታመማለች፣ በሩ አልከፈት ይላታል። መፍራት የነበረብኝን አንዱን ነገር ብቻ አልፈራሁም።

እትዬ በተወለዱ በአሥራ ሁለተኛው ዓመት አዲስ ኃላፊ መጡ። ሰውየው ክፉ አልነበሩም፤ ሥራቸው እንዲከበር የሚፈልጉ ሰው ነበሩ። የጉዞ መዝገቦቹን ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ አነበቡና በእያንዳንዱ ገጽ ላይ ሰባት ደቂቃ፣ ሰባት ደቂቃ አገኙ። ጋሼን ጠርተው፣ መርከቧ ስትደርስ በመጨረሻዋ ቅጽበት መሪውን ወደ ኋላ ስበው ሰባቱን ደቂቃ እንዲመልሷት አዘዙ። ጋሼ ይህ አንድ እግሯን ደጃፍ ውስጥ ያስገባችን ሴት በፀጉሯ መጎተት ማለት እንደሆነ ነገሯቸው። ኃላፊው አልሰሙም። ከዚያን ቀን ጀምሮ እትዬ በተመለሱ ቁጥር ይጎተቱ ጀመር። «እእህ» የሚለው ድምፃቸውም ሲነሡ ብቻ ሳይሆን ሲያርፉም ይሰማ ጀመር።

ከዚህ በኋላ ያለውን ለመጻፍ ብዙ ወረቀት ቀድጃለሁ።

አንድ ሰኞ፣ በየሳምንቱ አንድ አንድ ደቂቃ ብቀንስ ማንም ሳያውቅ ነገሩ ያልቃል ብዬ አሰብሁ። አንዷን ቀነስሁ። በማግሥቱ እትዬ ሲመለሱ ኃላፊው በመዝገቡ ላይ በቀይ «ዛሬ የተሳበው ስድስት፤ መሻሻል አለ» ብለው ጻፉ። ይህን ያህል እየቆጠሩ ነው ብዬ ደነገጥሁና በማግሥቱ ደቂቃዋን መለስኋት። እትዬን የሚያድን ነገር በእጄ ገብቶ ነበር፤ አንድ መስመር ቀይ ጽሕፈት አስፈራርቶ አስጣለኝ።

በአሥራ ዘጠነኛው ዓመት በግራ ጎናቸው ሁለት የጎድን ብረቶች ተሰንጥቀው ተገኙ። ስብሰባ ተጠራ። ቃለ ጉባኤ ያዥዋ እኔ ስለነበርሁ የተባለውን ሁሉ አስታውሳለሁ።

ኃላፊው ጋሼን «እጅዎ ከባድ ነው። ሌላ ምንም አይደለም» አሏቸው።

ጋሼ «ጎትት ብላችሁኝ ነው የጎተትሁት» አሉ። «እትዬ እኮ አይዘገዩም። እኔ ውስጣቸው ነኝ፣ ፀሐይዋን አያለሁ፤ በሰዓታቸው ነው የሚመጡት።»

«መርከብ ነው ሰዓት የሚያውቀው ወይስ ሰዓት?»

«እንግዲያው ሰዓቱን ጠይቁት።»

ኃላፊው ወደ እኔ ዞሩ። «ሰዓት ጠባቂዋ፣ ሰዓቱ ትክክል ነው?»

«አዎ» አልሁ። «በየሳምንቱ አረጋግጣለሁ።»

ይህንንም በቃለ ጉባኤው ጻፍሁት። ማየት የሚፈልግ ካለ ገጽ አርባ ሦስት ላይ ይገኛል። ጋሼ አንድ ጊዜ አዩኝና ቆባቸውን አንሥተው ወጡ። በዘዋሪነት ሃያ ዓመት ሊሞላቸው አንድ ዓመት ሲቀራቸው፣ ያለ ሽኝት፣ «በእጅ ክብደት» ተብለው ተሰናበቱ።

በዚያው ቀን ልጄ እየሮጠች መጥታ አንገቴ ላይ ተጠመጠመች። «እማ! ወንበሩን ለእኔ ሰጡኝ!» አለች። ጋሼ በመሄዳቸው ዓይኗ በእንባ ተሞልቶ ነበር፤ በወንበሩ ደግሞ ፊቷ ይስቃል። እኔ ማልቀስ ስጀምር «አንቺ ደግሞ፣ ደስታም ያስፈራሻል» አለችኝ። ዝም ያልሁት ከሥራ እንዳልባረር ብቻ ቢሆን ኖሮ ኀፍረቱ ትንሽ በቀለለኝ። እውነቱን ብናገር ወንበሩ ለጋሼ ይመለሳል፤ ልጄ ከወንበሩ ትነሣለች። ይህን በደንብ አስቤበት ነው ዝም ያልሁት።

እትዬ ተጠግነው ሌላ አሥራ ሁለት ዓመት አገለገሉ። ልጄም እንደ ታዘዘችው ስትጎትታቸው ኖረች። እጇ ቀላል ነው እየተባለ ተመሰገነች። ስንጥቁ ግን ከጥገናው ሥር ቀስ እያለ ይሄድ ነበር። ባለፈው ሳምንት ማክሰኞ ጠዋት ልጄ ለኃላፊው «ጎናቸው ዛሬ ያቃስታል፤ ለዛሬ ብቻ ሳልጎትታቸው ልምጣ» ብላ ለመነች። «ለአንዱ ቀን ከተፈቀደ ለሁሉም ይፈቀዳል» ተባለች። እኔ ከሁለቱ ሦስት እርምጃ ርቄ መዝገብ ታቅፌ ቆሜ ነበር። ሦስት እርምጃ ብራመድ ኖሮ እትዬ ዛሬ በሕይወት ነበሩ።

ሲመለሱ፣ ልጄ መሪውን ስትስብ፣ የግራ ጎናቸው ከላይ እስከ ታች ተቀደደ። በትከሻ ካልተገፋ የማይከፈተው በራቸው በራሱ ተከፈተ። አምስቱ አሳሾች አንድ በአንድ ወጡ። ልጄ በመጨረሻ ወጣች፤ ቀኝ ክንዷ ተሰብሮ ነበር። ምድጃው ገና ትኩስ ነበር። የመርከብ መርማሪው ጆሮውን በሆዳቸው ላይ አድርጎ ረጅም ጊዜ አዳመጠና ቀና አለ። እትዬ ከቀኑ በአሥራ አንድ ሰዓት ከአሥራ ሦስት ደቂቃ አረፉ። ይህ የሬዲዮኑ ሰዓት ነው።

በሐኪሞች ቋንቋ ምክንያቱ የጎድን ብረት ድካምና እርጅና ተብሎ ተጽፏል። ልጄ ግን በጀሶ የታሰረ ክንዷን ታቅፋ «እኔ ነኝ የገደልኋቸው። በእጄ ነው የገደልኋቸው» ትል ነበር። ሁለት ቀን እህል አልቀመሰችም። በሦስተኛው ቀን፣ አሥራ ሁለት ዓመት ሙሉ ያላየሁት ደረጃ ላይ ወጥቼ የጋሼን በር አንኳኳሁ።

ከጫማ ጠጋኙ በላይ፣ ሁለተኛ ፎቅ ነው የሚኖሩት። የልጅ ልጃቸው ምንጣፍ ላይ ትድኻለች፤ እርሳቸው ከወንበራቸው ሆነው ከሩቅ ያጫውቷታል። ሁሉንም ነገርኋቸው። ሰዓቱን፣ መሰላሉን፣ ገጽ አርባ ሦስትን። ሕፃኗ እየዳኸች እግራቸው ሥር መጥታ ሱሪያቸውን ስትይዝ እንኳ አላነሷትም።

«አቅፌያት አላውቅም» አሉኝ። «እጄ ከባድ ነው ተብያለሁ። እትዬን የሰበረ እጅ ሕፃን ቢይዝ ምን ያደርጋል ብዬ። እናቷ በኔ ትቀየማለች፤ አባባ ልጄን አይወድም ትላለች።»

«ይቅር ይበሉኝ» አልሁ።

«ይሄን ለእኔ በጆሮዬ አትንገሪኝ» አሉ። ድምፃቸውን ከፍ አላደረጉም። «እኔን ሲያባርሩኝ በጆሮዬ አልነገሩኝም፤ በሰው ፊት ነው። ጽፈሽ በቀብራቸው ላይ በሰው ፊት አንብቢው። ከዚያ በኋላ ስለ ይቅርታው እኔና አንቺ እንነጋገራለን፤ አለዚያም አንነጋገርም።»

በዚያው ዕለት ለልጄም ነገርኋት። አንዲት ጥያቄ ብቻ ጠየቀችኝ፦ «ወንበሩን የሰጡኝ ቀን ታውቂ ነበር?» አዎ አልኋት። ፊቷን ወደ ግድግዳ አዞረች። በማግሥቱ ተነሥታ ራሷ ሻይ አፍልታ፣ ዳቦ ቆርሳ በላች። እኔ ገደልኋቸው ማለቷንም አቆመች። እማ ማለቷንም አቆመች። ለኃላፊውም የፈረምሁበትን ደብዳቤ አስገብቻለሁ፤ የሚወስኑትን እቀበላለሁ።

ስለዚህ እዚህ በተሰበሰባችሁ ሁሉ ፊት የሚከተለው እንዲታወቅ እፈልጋለሁ። የጋሼ እጅ ከባድ ሆኖ አያውቅም። ልጄ እትዬን አልገደለችም። እትዬ በሠላሳ አንድ ዓመት ውስጥ አራት መቶ አሥራ ሁለት ጊዜ ሄደው አራት መቶ አሥራ ሁለት ጊዜ ተመልሰዋል፤ አንድም ቀን ዘግይተው አያውቁም። በሐሜት «ዳተኛዋ» ያላችኋቸው፣ በሳቅም ይሁን በቁጣ፣ ያንን ስም ከእርሳቸው አንሡና ለእኔ ስጡኝ።

እትዬ ሁለት ጀልባዎችን፣ ሃያ ስድስት በእጃቸው ያለፉ አሳሾችን፣ የወለዷቸውን መሐንዲስና የብየዳ ኃላፊ በስተርጅና፣ አንድ በሐሰት የተባረሩ ዘዋሪና አንዲት ክንዷ የተሰበረ ዘዋሪ ትተው አርፈዋል። እኔን ከሐዘንተኞቹ መካከል አልቆጠርሁም።

ብረት ነፍስ ይኑረው አይኑረው አላውቅም፤ አለው ብዬ ብጸልይና ባይኖረው የሚጎዳ ያለ አይመስለኝም። ፈጣሪ እትዬን ማንም ወደ ኋላ በማይስባቸው፣ ማንም ደርሰዋል አልደረሱም ብሎ በማይቆጥርባቸው ቦታ ያሳርፋቸው። በፀሐይ የሄዱትን ያህል በፀሐይ ያኑራቸው። ለልጆቻቸውም መጽናናቱን ይስጥ።

ትናንት ከመሸ፣ ለዛሬው ቀብር አዳራሹን ጠርገን ጨረስን። ያ አዳራሽ እትዬ ከተወለዱ ጀምሮ ተቆልፎ አያውቅም፤ ሁልጊዜ የሚመለስ ሰው ይጠበቅ ስለነበር ገርበብ ብሎ ነበር የሚያድረው። ቁልፉ በመዝገቤ መሳቢያ ውስጥ ዝጎ ተቀምጦ ነበርና ዘይት ቀብቼ ይዤው ወጣሁ። ልጄ ከጋሼ ጋር ደጃፉ ላይ ቆማለች። ግራ እጇን ዘረጋችልኝ።

«ቁልፉን» አለች።

ሰጠኋት። ወደ ጋሼ ዞራ «ጋሼ፣ ውስጥ የቀረ ሰው አለ?» ብላ ጠየቀች።

«ማንም የለም፣ የኔ ልጅ» አሉ።

በአንድ እጇ ቁልፉ አልገባ ሲላት ላግዛት አንድ እርምጃ ተጠጋሁ። «ተይው፣ እኔው እዘጋዋለሁ» አለችኝ። መጥረጊያዬን ይዤ ባለሁበት ቆምሁ። በሦስተኛው ገባላት። ሁለት ጊዜ አዞረችው፣ በሩን በትከሻዋ ገፋ አድርጋ ሞከረችው። ተቆልፏል።